ማልያዬ ላይ ያለው 97 ምንድን ነው?

የአንባቢዎች ጥያቄና መልስ

በዚህ ወር ከደረሱኝ ደብዳቤዎች ብዙዎቹ ስለ ኳስ ናቸው። ደስ ያለኝ ግን ማን ያሸንፋል፣ ማን ይሸጣል የሚሉ አለመሆናቸው ነው። የጠየቃችሁት ስለ ደጋፊ ነው። አራቱን መርጫለሁ። ካልተናገርኩ በቀር ዓመቶቹ በፈረንጆቹ አቆጣጠር ናቸው።

ጥያቄ፦ የሊቨርፑል ደጋፊ ነኝ። ከመርካቶ ማልያ ገዛሁ። ከኋላ አንገቱ ስር 97 የሚል ቁጥር አለው፣ ግራና ቀኙ ላይ ደግሞ እሳት የሚመስል ነገር። የጓደኛዬ የቆየ ማልያ ላይ ግን 96 ነው የሚለው። ዲኤስቲቪ ቤት ተከራከርንበት። አንዱ ኮፒ ስለሆነ ነው አለ፣ ሌላው ዋንጫ ያነሱበት ዓመት ነው አለ። እውነቱ የቱ ነው? (ከጎፋ)

መልስ፦ ወንድሜ፣ ሁለቱም ቁጥር ትክክል ነው። የዋንጫም የዓመትም አይደለም። የሰው ቁጥር ነው። ኳስ ሊያዩ ሄደው ያልተመለሱ ሰዎች ናቸው። እሳቱም የመታሰቢያቸው ነው።

ኤፕሪል 15 ቀን 1989፣ ቅዳሜ። ሊቨርፑልና ኖቲንግሃም ፎረስት ለኤፍኤ ካፕ ግማሽ ፍጻሜ ሼፊልድ ከተማ፣ ሂልስቦሮ ስታዲየም ተገናኙ። በዚያ ዘመን እንግሊዝ ውስጥ ከጎል ጀርባ ያለው ሰው ቆሞ ነው የሚያየው፣ ወንበር የለም። ደጋፊ ሜዳ እንዳይገባ ተብሎ ፊቱ የብረት አጥር ነው፣ ግራና ቀኙም አጥር። እንግሊዞቹ ራሳቸው ቦታውን በረት ብለው ነበር የሚጠሩት።

ውጭ ያለው ሰው ጠባቦቹ መግቢያዎች ላይ ተጨናነቀ። የፖሊስ አዛዡ ዴቪድ ዳከንፊልድ አንድ ትልቅ በር እንዲከፈት አዘዘ። ሰዉ ገባ። ፊት ለፊቱ ያገኘው መተላለፊያ በቀጥታ የሚወስደው ወደ መሀለኞቹ ሁለት በረቶች ነው፣ እነሱ ደግሞ ቀድመው ጢም ብለው ሞልተዋል። በጎን ያሉት ክፍት ቦታ ነበራቸው። መተላለፊያውን ዘግቶ "በዚህ በኩል ሂዱ" ያለ ፖሊስ ግን አልነበረም። ጨዋታው ከቀኑ 9 ሰዓት ላይ ተጀመረ፣ 6 ደቂቃ ሄዶ ቆመ። ከፊት ያሉት አጥሩ ላይ ተጣብቀው ትንፋሽ አጠራቸው። ከላይ ፎቅ ላይ የነበሩ ደጋፊዎች እጃቸውን ቁልቁል ዘርግተው የደረሱበትን ሰው እየጎተቱ አወጡ። ሜዳ የወጡት ደግሞ የማስታወቂያ ሰሌዳ ገንጥለው ቃሬዛ አደረጉት። የቆሰለውንም የሞተውንም የተሸከመው በአብዛኛው ደጋፊ ነው። ከሟቾቹ ትንሹ የ10 ዓመት ልጅ ነበር፣ የስቲቨን ጄራርድ የሥጋ ዘመድ።

ከሞቱ በኋላ የመጣው ነገር ነው ሰውን ሁለተኛ የገደለው። በሩን ያስከፈተው አዛዥ "ደጋፊዎች ሰብረው ገቡ" አለ። በ4ኛው ቀን ዘ ሰን ጋዜጣ "እውነቱ" የሚል ትልቅ ርዕስ አውጥቶ ደጋፊዎቹ የሟቾችን ኪስ እንደበረበሩ፣ ፖሊሶች ላይ እንደሸኑ ጻፈ። ውሸት ነው። ሰክረው ነበር ለማለትም ከሁሉም አስከሬን ደም ተቀድቶ አልኮል ተለካ። ከዚያ የ10 ዓመት ልጅ ሳይቀር።

የሊቨርፑል ሰው መልስ የጀመረው ከሱቅ ነው። ጋዜጣውን አንገዛም አለ። ባለሱቁም አልሸጥም አለ። ይህ ከሰላሳ ዓመት በላይ ሆኖታል፣ ዛሬም እዚያ ከተማ ጋዜጣውን የማያስገቡ ሱቆች ብዙ ናቸው። ሕግ አላዘዛቸውም፣ አስገዳጅም የለም። ልጆች ያባቶቻቸውን ቂም ይዘው አድገው ነው።

በ1991 የሞቱን ምክንያት ያጣራው ችሎት "ድንገተኛ አደጋ" ብሎ ዘጋው። መርማሪው ዳኛ ከቀኑ 9 ሰዓት ከሩብ በኋላ የሆነውን አላይም ብሎ ነበር፣ በዚያ ሰዓት ሁሉም የማይድኑበት ደረጃ ደርሰው ነበር በሚል። አን ዊሊያምስ የምትባል እናት ይህን አልቀበልም አለች። ልጇ ኬቨን 15 ዓመቱ ነበር። ምስክር ፍለጋ በየቤቱ ዞረች። በመጨረሻ ልጇን አቅፋ የነበረች አንዲት ፖሊስ አገኘች፤ ልጁ 10 ሰዓት አካባቢ "እማ" ብሎ እንደነበር ነገረቻት። ከሩብ በኋላ ማለት ነው፣ ያውም ብዙ ቆይቶ። ይህን ይዛ ደጋግማ አመለከተች፣ ደጋግመው መለሷት።

ይህቺ እናት ብቻዋን ብትሆን ኖሮ የሚሰማት ይገኝ ነበር ወይ? አይመስለኝም። ከጀርባዋ ስታዲየም ሙሉ ሰው ነበር። በ2009 ሃያኛው ዓመት ሲታሰብ አንዲ በርንሃም የተባለ ሚኒስትር፣ ራሱ የከተማው ባላንጣ የኤቨርተን ደጋፊ ነው፣ በሊቨርፑል ሜዳ አንፊልድ ላይ መንግሥትን ወክሎ ንግግር ጀመረ። ሕዝቡ አላስጨረሰውም። "ፍትሕ ለ96ቱ!" እያለ በአንድ ድምፅ ጮኸበት። ሚኒስትሩ ዝም ብሎ ቆሞ ሰማ። ከዚያ ቀን በኋላ ነው ነገሩ የተንቀሳቀሰው። ገለልተኛ አጣሪ ቡድን ተቋቁሞ በ2012 ሪፖርቱን አወጣ። 164 የፖሊስ ቃሎች ተነካክተው እንደነበር፣ ቶሎ ቢታከሙ ኖሮ እስከ 41 ሰው ሊተርፍ ይችል እንደነበር ተጻፈ። ጠቅላይ ሚኒስትሩ ዴቪድ ካሜሮን ፓርላማ ቆሞ ይቅርታ ጠየቀ። የድሮው ውሳኔ ተሻረ። አን ዊሊያምስ መሻሩን አይታ በ2013 ኤፕሪል አረፈች።

አዲሱ ችሎት በ2016 ውሳኔውን ሰጠ፦ የሞቱት በሕገወጥ መንገድ ተገድለዋል፣ ደጋፊዎቹ ምንም ጥፋት የለባቸውም። 27 ዓመት ፈጀ። ዳከንፊልድ ተከሶ በ2019 ነጻ ተባለ፣ በጉዳዩ እስር ቤት የገባ አንድም ሰው የለም። ስለዚህ ሙሉ ድል ነው ብዬ አልነግርህም። ግን ባለሥልጣናት አደጋ ሲደርስ እውነቱን እንዲናገሩ የሚያስገድድ፣ ሂልስቦሮ ሕግ የሚባል ረቂቅ በ2025 ፓርላማ ቀርቧል። ያንን እዚያ ያደረሱት እነዚህ ቤተሰቦችና እነዚህ ደጋፊዎች ናቸው።

አሁን ወደ ማልያህ። በዚያ ቀን ክፉኛ ተጎድቶ 32 ዓመት ሲታመም የኖረ አንድ ሰው በ2021 አረፈ። 97ኛው ተብሎ ተቆጠረ። ማልያውም ተቀየረ። ኮፒውን የሠራው ሰው ምን እንደሆነ ሳያውቅ ገልብጦታል፣ አንተ ግን አሁን አውቀሃል። ዲኤስቲቪ ቤት ሄደህ ንገራቸው።

ጥያቄ፦ የሊቨርፑል ደጋፊዎች አንዴ ጨዋታ ሳያልቅ ወጥተው የቲኬት ዋጋ አስቀነሱ ሲባል ሰማሁ። እውነት ነው? እኔ ብሆን ከፍዬ ገብቼ አልወጣም። (ከባሕር ዳር)

መልስ፦ እውነት ነው። ፌብሩዋሪ 2016፣ ከሰንደርላንድ ጋር። ክለቡ ለሚቀጥለው ዓመት 77 ፓውንድ የሚሸጥ መቀመጫ አመጣለሁ ብሎ ነበር። በ77ኛው ደቂቃ ወደ 10 ሺህ ሰው ብድግ ብሎ ወጣ። ሲወጡ ሊቨርፑል 2 ለ 0 እየመራ ነበር። ጨዋታው 2 ለ 2 አለቀ። ከጥቂት ቀናት በኋላ ባለቤቶቹ ይቅርታ ጠይቀው 77 ፓውንዱን አነሱት። በዚያው ወቅት ከየክለቡ ደጋፊዎች ግፊት ስለነበረ፣ ከሜዳ ውጭ የሚጓዝ ደጋፊ ቲኬት ከ30 ፓውንድ እንዳይበልጥ የፕሪምየር ሊግ ክለቦች ወሰኑ።

ከፍለህ መውጣቱ እንደሚያንገበግብ ይገባኛል። ጉልበቱ ያለው ግን እዚያው ላይ ነው። ባለሀብት ስድብ ይችላል። ባዶ ወንበር በቴሌቪዥን ሲታይበት ግን አይችልም፣ ምክንያቱም የሚሸጠው ጨዋታውን ብቻ ሳይሆን የሰዉን ድምፅ ጭምር ነው።

በ2021 ሱፐር ሊግ የተባለውን ታስታውሳለህ። እሑድ ማታ 12 ክለቦች የራሳችን ሊግ አለን ብለው አወጁ፣ ስድስቱ የእንግሊዝ ናቸው። ማክሰኞ የቼልሲ ደጋፊዎች የገዛ ቡድናቸውን አውቶቡስ መንገድ ዘጉበት። የድሮው በረኛቸው ፒተር ቼክ መሀላቸው ገብቶ "ጊዜ ስጡን" እያለ ለመነ። ሌሊቱ ሳይነጋ ስድስቱም ወጡ፣ አርሰናል "ተሳስተናል" ብሎ በይፋ ይቅርታ ጠየቀ። ቢሊዮን ዶላር የታሰበበት ነገር ሦስት ቀን አልሞላውም። ከዚያ በኋላ መንግሥት የደጋፊውን ሐሳብ ያሰባሰበ ጥናት አስጠንቶ፣ በ2025 የእንግሊዝን እግር ኳስ የሚቆጣጠር ነጻ አካል የሚያቋቁም ሕግ ጸደቀ።

ጥያቄ፦ የምኖረው ካይሮ ነው። የሥራ ባልደረቦቼ ኳስ ይወዳሉ፣ ግን የ2012ቱ ነገር ሲነሳ ድምፃቸውን ዝቅ ያደርጋሉ። የአል አህሊ ደጋፊዎች አብዮት ውስጥ ነበሩ ይባላል። ኳስ ተመልካች እንዴት አብዮት ይሠራል? (ከካይሮ)

መልስ፦ እህቴ፣ አብዮቱን ብቻቸውን አልሠሩትም። ሌላው ያልነበረው ነገር ግን ነበራቸው፤ ከፖሊስ ጋር መጋፈጥ ለምደዋል።

አህሊ የሚለው ስም ራሱ "ብሔራዊ" ማለት ነው። ክለቡ በ1907 የተመሠረተው ግብፅ በእንግሊዝ እጅ በነበረችበት ጊዜ ነው። ኡልትራስ አህላዊ የሚባሉት፣ ተደራጅተው የሚደግፉት ወጣቶች ግን የቅርብ ናቸው፣ በ2007 ተደራጁ። የባላንጣው ክለብ የዛማሌክ ደጋፊዎች፣ ኋይት ናይትስም በዚያው ዓመት። በሙባረክ ዘመን ፓርቲ ማቋቋም፣ ማኅበር መመሥረት፣ አደባባይ መውጣት ጭንቅ ነበር። ስታዲየም ግን በሺህ የሚቆጠር ወጣት በአንድነት የሚጮህበት ቦታ ነው። ፖሊስ በየጨዋታው ይፈትሻቸዋል፣ ይደበድባቸዋል፣ ያስራቸዋል። እነሱም አስለቃሽ ጭስ ሲመጣ ወዴት እንደሚሮጥ፣ ሰው ሲበተን እንዴት እንደሚሰበሰብ ተማሩ። በጃንዋሪ 2011 ሕዝብ ታህሪር አደባባይ ሲወጣ ይህን ይዘው መጡ። የአህሊና የዛማሌክ ልጆች፣ መንገድ ላይ ሲገናኙ የሚደባደቡት፣ አብረው ከፊት ቆሙ።

ባልደረቦችሽን ዝም የሚያሰኛቸው ፌብሩዋሪ 1 ቀን 2012 ነው። ፖርት ሰይድ ከተማ፣ የከተማው ክለብ አል ማስሪ አህሊን 3 ለ 1 አሸነፈ። ፊሽካው ሲነፋ ያሸነፈው ቡድን ደጋፊ ሜዳውን ወርሮ ወደ አህሊዎች ሮጠ። ፖሊስ ቆሞ አየ። የስታዲየሙ መብራት ጠፋ። አህሊዎች ሊወጡበት የሚችሉት በር ተቆልፏል። ገሚሱ ተደብድቦ፣ ገሚሱ ከላይ ተወርውሮ፣ ገሚሱ በሩ ላይ ተጨፍልቆ ሞተ። 72 የአህሊ ደጋፊዎች። ቁስለኛው ወደ ተጫዋቾቹ መልበሻ ክፍል ነው የተወሰደው፣ የአህሊው ተጫዋች ሞሃመድ አቡትሪካ አንድ ደጋፊ እጁ ላይ እንደሞተበት ተናግሯል።

ደጋፊዎቹ ይህ የታህሪር ብቀላ ነው ብለው ያምናሉ። በጃንዋሪ 2013 ፍርድ ቤት 21 ሰዎች ላይ ሞት ፈረደ፣ በዚያው ቀንም ፖርት ሰይድ በተቃውሞ ታምሳ ሌሎች ብዙ ሰዎች ሞቱ። በ2015 ደግሞ ካይሮ ላይ የዛማሌክ ደጋፊዎች ስታዲየም በር ላይ በጠባብ መተላለፊያ ተጨናንቀው፣ አስለቃሽ ጭስ ተተኩሶባቸው ወደ ሃያ ሰው አለቀ። በዚያው ዓመት ፍርድ ቤት የኡልትራስ ቡድኖችን አገደ። በ2018 ሁለቱም ፈርሰናል አሉ።

ሂልስቦሮንና ፖርት ሰይድን ጎን ለጎን ሳስቀምጣቸው ልቤ ይደማል። መውጫ ያጣ ሕዝብ፣ ቆሞ የሚያይ ፖሊስ፣ ወጣት ሬሳ፤ ሁለቱም ዘንድ ያው ነው። የሊቨርፑሎቹ ግን ሲመለሱ ሲከራከሩ 27 ዓመት የሚያንኳኩት ደጃፍ ነበራቸው፤ ፓርላማ፣ ችሎት፣ የሚጽፍላቸው ጋዜጠኛ። የካይሮዎቹ የሚያንኳኩት ደጃፍ አጡ። ድፍረት አንሷቸው አይደለም። ባልደረቦችሽ ድምፃቸውን ዝቅ ሲያደርጉ አትገፋፊያቸው፣ ከፈለጉ ራሳቸው ይነግሩሻል።

ጥያቄ፦ ልጄ 17 ዓመቱ ነው። የክለብ ደጋፊ ሆኖ በየጨዋታው ይሄዳል። አንድ ቀን ከጓደኞቹ ጋር በር ላይ ሲዘፍኑ የሰው ብሔር የሚነካ ቃል ሰማሁ። እኔ ፖለቲካ እፈራለሁ። ልከልክለው ወይ? (እናት፣ ከአዳማ)

መልስ፦ እናቴ፣ ፍርሃትዎ ተገቢ ነው። መከልከሉን ግን አልመክርም። ተደብቆ ይሄዳል፣ ያን ጊዜ የሚነግርዎት ነገር አይኖርም።

እኛ ሀገር ኳስና ፖለቲካ የተዋወቁት ዛሬ አይደለም። ቅዱስ ጊዮርጊስ የተመሠረተው በ1928 በኛ አቆጣጠር ነው፣ ጣሊያን ሀገሩን በወረረበት ዓመት፣ አራዳ ላይ። በወረራው ዘመን የሀበሻ ልጆች ተሰብስበው መጫወታቸው ብቻውን ምን ማለት እንደነበር እርስዎ ይገባዎታል። ከዚያ ክለብ የወጣው ይድነቃቸው ተሰማ ኋላ የአፍሪካ እግር ኳስ ኮንፌዴሬሽን ፕሬዚዳንት ሆኖ የደቡብ አፍሪካን አፓርታይድ ከስፖርት ለማስወጣት ታግሏል። ይህም ፖለቲካ ነው። ልጅዎ ቢያውቀው የሚኮራበት ፖለቲካ።

እርስዎ የሰሙት ግን ሌላ ነው። የክልልና የብሔር ጠብ ስታዲየም ገብቶ፣ ሰው ተፈነካክቶ፣ ቡድኖች አንዱ ሌላው ከተማ መሄድ ፈርተው ጨዋታ ወደ ገለልተኛ ሜዳ የተወሰደበትን ጊዜ ሁላችንም አይተናል። ያኔ የተጎዱት በአብዛኛው የልጅዎ እኩያዎች ናቸው። አዲስ አበባ ስታዲየም ካታንጋ ወይም ሚስማር ተራ ተቀምጦ ያደገ ሰው ይነግርዎታል፤ ቡናና ጊዮርጊስ ሲጫወቱ ብሽሽቁ አጥንት ይሰብራል፣ ማታ ግን ያው ሰፈር፣ ያው ታክሲ ነው። ብሽሽቅ በቡድኑ ላይ እስከሆነ ድረስ ጨዋታ ነው። የሰውየው እናትና አባት ከየት እንደመጡ ሲነካ ግን ጨዋታነቱ አበቃ።

ለልጅዎ ይህን ይንገሩት። ሊቨርፑልና ኤቨርተን የአንድ ከተማ ባላንጣ ናቸው። ሂልስቦሮ ላይ ሰው በሞተ በሳምንቱ የሁለቱ ደጋፊዎች ቀይና ሰማያዊ ሻርፖቻቸውን እርስ በርስ ቋጥረው፣ በስታንሊ ፓርክ አሻግረው፣ ከአንዱ ስታዲየም እስከ ሌላው ዘረጉት። አንድ ማይል ገደማ የሻርፕ ገመድ። የቋጠሩት ትናንት ሲሰዳደቡ የነበሩ ሰዎች ናቸው።

ከዚያ ሦስት ነገር ያድርጉ። አንደኛ፣ ያንን ዘፈን ማን እንደሚያስጀምረው ይጠይቁት። ሁልጊዜ የሚያስጀምር ሰው አለ፣ ብዙ ጊዜም በዕድሜ ከነሱ የሚበልጥ ነው፣ ድንጋይ ሲወረወር ደግሞ አይገኝም። ሁለተኛ፣ የደጋፊ ማኅበሩን አስተባባሪዎች ይወቋቸው፣ ስልካቸውን ይያዙ። ደም የሚለግሱ፣ የታመመ ደጋፊ የሚያሳክሙ፣ ጸያፍ ዘፈን ሲነሳ ሌላ ዘፈን አንስተው የሚያጠፉት ልጆች እዚያው ውስጥ አሉ፣ ልጅዎ ከነሱ ጎን ይቀመጥ። ሦስተኛ፣ አንድ ቀን አብረውት ይሂዱ። ያፍራል፣ ግድ የለም። ውሃና ዳቦ ይዘው፣ ከጎኑ ተቀምጠው ዘጠና ደቂቃውን ይዩ።

ሲመለሱ መንገድ ላይ፣ ልጅዎ አብሮ የማይዘፍነው ዘፈን እንዳለ ይጠይቁት። የሚመልስልዎትን ይጻፉልኝ።